የላሙ የድንጋይ ቤቶች፦ ክፍሎቹ ለምን ጠበቡ? የሲሚንቶ ልስኑስ ለምን ይረግፋል?

ባለ_ንድፍ፦

ሰላም ለሁላችሁ። በኬንያ ጠረፍ፣ በላሙ ደሴት ስላሉት የስዋሂሊ የድንጋይ ቤቶች ጠለቅ ያለ እውቀት ያላችሁ ሦስት ነገር ልጠይቃችሁ።

አንደኛ፣ የቤቶቹ ንድፍ ላይ ክፍሎቹ በሙሉ ረጃጅምና ጠባብ ናቸው። ርዝመቱ እንደየቤቱ ይለያያል፤ ስፋቱ ግን የሀብታም ቤትም ሆነ የመካከለኛ ሦስት ሜትር አይሞላም። ምክንያቱ ምንድን ነው? ሁለተኛ፣ በሲሚንቶ የታደሱት ግድግዳዎች ልስናቸው በጥቂት ዓመት ውስጥ እያበጠ ሲወድቅ፣ ያልተነካው የድሮ ልስን እስካሁን ቆሟል። በኖራ ልመልሰው የሚል ሰው ሥራውን ከየት ይጀምር? ሦስተኛ፣ «ቤቶቹን ዓረቦች ናቸው የሠሯቸው» የሚባለውስ ምን ያህል እውነት አለው?

ወራጅና_ማገር፦

የመጀመሪያውን ልመልስ። ስፋቱን የሚወስነው የጣሪያው እንጨት ነው።

እንጨቱ የሚቆረጠው ከማንግሮቭ ደን ነው፤ ላሙ ዙሪያ ባሕሩ ወደ ውስጥ በገባበት ሁሉ ይበቅላል። ስም የሚወጣለት በውፍረቱ ነው። በጣም ቀጭኑ ፊቶ ይባላል፤ በጭቃ ቤት ግድግዳ ላይ እንደ እኛ ማገር ሆኖ የሚገባው እሱ ነው። ቀጥሎ ፓው፣ ከዚያ ማዚዮ፣ ከዚያ ቦሪቲ ይመጣል። ቦሪቲ ከ11 እስከ 13 ሴንቲ ሜትር ገደማ ውፍረት ያለው ሲሆን የድንጋይ ቤት ጣሪያና ፎቅ የሚሸከመው እሱ ነው። ከእሱ የሚወፍረው ንጉዞ ለምሰሶ ይሆናል።

ቦሪቲዎቹ በክፍሉ ጠባብ ጎን ከግድግዳ ግድግዳ ተጠጋግተው ይጋደማሉ። በላያቸው ጠፍጣፋ የኮራል ድንጋይ (ከጥቃቅን የባሕር እንስሳት አፅም የተፈጠረ ድንጋይ) ይነጠፋል፤ በዚያ ላይ የኮራል ስባሪና ኖራ ፈሶ ይደቀደቃል። የወለሉ ውፍረት 30 ሴንቲ ሜትር ከሆነ በካሬ ሜትር ግማሽ ቶን ገደማ ክብደት አለ ማለት ነው፤ ሰውና ዕቃ ሳይጨመር። ረጅም ቦሪቲ አይጠፋም፤ ግን በዚህ ጭነት ሥር ከሦስት ሜትር ሲያልፍ መሐሉ ይጎብጣል፣ ወለሉም ይሰነጠቃል። ስለዚህ ባለሀብቱ ክፍሉን በማስፋት ፈንታ ወደ ጎን ያስረዝመዋል፣ ወይም ሌላ ክፍል ከኋላው ይደርባል።

የቤቱ አደረጃጀት የመጣው ከዚሁ ነው። በውጭ በኩል ዳካ አለ፤ ግራና ቀኝ የድንጋይ መደብ ያለው ደጃፍ ሲሆን እንግዳ ወንድ እዚያው ተቀምጦ ይጨዋወታል። በሩን አልፈው ሲገቡ ቴካኒ የምትባል መግቢያ ታገኛላችሁ፤ መንገደኛ ውስጡን እንዳያይ መታጠፊያ ያለባት ናት። ከዚያ ኪዋንዳ፣ ማለትም ጣሪያ የሌለው ግቢ ይመጣል። ከግቢው ወደ ውስጥ ሁለት ረጃጅም ክፍሎች (ምሳና ዋ ቲኒ፣ ምሳና ዋ ዩ) አንዱ ከሌላው በስተኋላ ይከተላሉ፤ በመጨረሻ የእመቤቲቱ ክፍል ንዳኒ አለ። ብርሃን የሚገባው ከግቢው ብቻ ስለሆነ ወደ ውስጥ በገቡ ቁጥር ይጨልማል፣ ይቀዘቅዛልም። በጀርባው ግድግዳ ላይ ዚዳካ የሚባሉ በልስን የተቀረጹ ትናንሽ መስኮት መሰል ጉድጓዶች በረድፍ ተደርድረው የቻይና ሸክላ ይቀመጥባቸው ነበር። ክፍሎቹ ፊታቸውን ወደ ሰሜን ያዞሩት መካ ከላሙ በሰሜን በኩል ስለሆነ ነው።

በጠባቡ መንገድ ላይ ተሻግሮ ሁለት ቤት የሚያገናኘው ክፍል ደግሞ ዊኪዮ ይባላል። በትልልቆቹ ቤተሰቦች ዘንድ ልጅቷ ስታገባ አባቷ ቤት ይሰጣታል እንጂ ወደ ባሏ ቤተሰብ አትሄድም። ስለዚህ እህትማማቾች በዊኪዮ እየተሻገሩ መንገድ ሳይወጡ ይገናኛሉ። እሱም ቢሆን ስፋቱ የቦሪቲ ልክ ነው።

በገልፍ አገር ያላችሁ በኩዌት ወይም በባሕሬን የታደሰ የድሮ ቤት ስትገቡ ቀና ብላችሁ ጣሪያውን እዩ። ኩዌቶች ጨንደል የሚሉት እንጨት በመርከብ ከዚሁ ከምሥራቅ አፍሪካ ጠረፍ ይሄድ የነበረው ነው፤ እዚያም ክፍሎቹ ጠባብ ናቸው። ኬንያ ወደ ውጭ መላኩን የከለከለችው በ1982 (እ.ኤ.አ.) ነው።

ኖራ_ለሳኝ፦

ስለ ልስኑ። ሲሚንቶው የሚረግፈው ደካማ ሆኖ ሳይሆን ለዚያ ግድግዳ ከልክ በላይ ጠንካራና ድፍን ስለሆነ ነው።

የኮራል ግድግዳ ግማሽ ሜትር ገደማ ውፍረት አለው፤ ከመሬት እርጥበት ይስባል፤ ያ እርጥበት ጨው ይዞ ነው የሚወጣው። የኖራ ልስን ያሳልፈዋል፤ ውኃው ይተናል፣ ጨው ላዩ ላይ እንደ ዱቄት ይቀራል፣ በብሩሽ ይጠረጋል። ሲሚንቶ ሲለሰንበት መውጫ ያጣል። ጨው ከልስኑ ጀርባ እየጠጠረ ይገፋዋል፤ ልስኑ የድንጋዩን ቆዳ ይዞ ይወርዳል። የባሰው ግን ዓይን የማያየው ነው፤ እርጥበቱ በግድግዳው ውስጥ ሽቅብ ወጥቶ ግድግዳ ውስጥ የተቀበሩትን የቦሪቲ ጫፎች ያበሰብሳል። ጎንደር ላይም ጣሊያኖች በ1930ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ቤተ መንግሥቶቹን በሲሚንቶ ጠግነው ኋላ ወደ ኖራ የተመለሰው በዚሁ ዓይነት ጣጣ ነው።

ሥራው እንዲህ ነው። ሲሚንቶውን በእጅ መዶሻና መሮ አንሱ፤ ማሽን ኮራሉን ይሰብረዋል። ይህን በታኅሣሥና በጥር፣ ደረቁ ወቅት ሲገባ ጀምሩት፤ ዋናው ዝናብ ከሚያዝያ ጀምሮ ስለሚመጣ ግድግዳው ቢያንስ የተወሰኑ ሳምንታት ተራቁቶ ይተንፍስ። የወጣውን ጨው በደረቅ ብሩሽ ጥረጉ። በውኃ ማጠብ አይሆንም፤ ጨውን አሟሙቶ መልሶ ወደ ውስጥ ያስገባዋል። ትልልቁን ቀዳዳ በኖራና በኮራል ጠጠር ሙሉ፤ በልስን ብቻ የተሞላ ጉድጓድ ሲደርቅ ይሰነጠቃል።

ኖራው ውኃ ጠጥቶ ከበረደ በኋላ በጉድጓድ ወይም በበርሜል ውኃ ተሸፍኖ ቢያንስ ሦስት ወር ይቆይ። ያልበሰለ ኖራ ግድግዳው ላይ ከተለሰነ በኋላ ነው የሚያብጠው፤ ቁንጣሪ ቁንጣሪ እየሆነ ልስኑን ይፈነቅላል። ውኃ ሲጨመርበት እንደሚፈላ አትርሱ፤ መነጽርና ጓንት ግድ ነው። ልኩ በስፍር አንድ ኖራ ለሦስት አሸዋ፣ ለመጨረሻው ስስ ልስን አንድ ለሁለት፣ አሸዋውም በወንፊት የተነፋ። ከባሕር ዳር የተዛቀ አሸዋ አይገባም። ሌላ ከሌለ በንጹሕ ውኃ ደጋግማችሁ እጠቡትና ቆንጥራችሁ በምላስ ቅመሱት፤ ጨው ካላችሁ እንደገና።

ግድግዳውን አርጥባችሁ እያንዳንዱን ድርብ ከአንድ ሴንቲ ሜትር ሳታሳልፉ ለስኑ፤ በድርብና በድርብ መካከል ሳምንት ያህል ጠብቁ። ኖራ የሚጠነክረው ከአየር ካርቦን ዳይኦክሳይድ እየሳበ ከላይ ወደ ውስጥ ቀስ ብሎ ነው፤ ለዚህም እርጥበት ይፈልጋል። በላሙ ፀሐይና ነፋስ ሳይሸፈን ከተተወ በአንድ ቀን ይደርቅና በጣት ሲነካ ይራገፋል። እርጥብ ጆንያ ስቀሉበት፣ ጠዋትና ማታ ውኃ ርጩበት። መጨረሻ ላይ እንደ ወተት የቀጠነ ኖራ አራት አምስት ጊዜ ቀቡት፤ አንዴ ወፍራም አድርጎ መቀባት ይላጣል።

ባለ_ንድፍ፦

እግዜር ይስጥልኝ። ቶሎ እንዲጠነክር ትንሽ ሲሚንቶ ቢቀላቀልበትስ? ወይም ጀሶ?

ኖራ_ለሳኝ፦

ሁለቱንም አይንኩ። ትንሽ ሲሚንቶ የኖራውን ቀዳዳ ይዘጋል፣ የሲሚንቶን ጥንካሬ ግን አይሰጥም፤ የሁለቱንም ጉዳት ሰብስቦ ጥቅማቸውን ማጣት ነው። ጀሶ ደግሞ እርጥበት ሲያገኘው ይላላል።

የጠረፍ_ታሪክ፦

ሦስተኛው ጥያቄ ላይ እኔ ልግባ። «ዓረቦች ሠሯቸው» የሚለው በብዛት በቅኝ ግዛት ዘመን ጸሐፊዎች የተስፋፋ ነው፤ ዓረብ የሆኑትን የ19ኛውን ክፍለ ዘመን የዛንዚባር ሱልጣኖች አይተው የሺህ ዓመቱን ሁሉ ለእነሱ ሰጡት። ከመሬት ሥር የወጣው ሌላ ነው። ከላሙ ብዙም በማይርቀው ፓቴ ደሴት ላይ ሻንጋ የሚባል የፈረሰ ከተማ አለ። እዚያ በ1980ዎቹ (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ሲቆፈር መስጊዶች አንዱ በሌላው ላይ ተደራርበው ተገኙ። የመጀመሪያዎቹ የእንጨት ነበሩ፣ ከ8ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ፤ በኮራል መሥራት የመጣው በኋላ ነው። ማለትም ከተማው እዚያው አድጎ ነው ድንጋይ ቤት ላይ የደረሰው። የሞሮኮው ተጓዥ ኢብን ባቱታ በ1331 ሲያልፍ የሞምባሳ መስጊዶች በእንጨት አምረው የተሠሩ መሆናቸውን አስጽፏል። አሁን ላሙ ላይ የሚታዩት ቤቶች ግን አብዛኞቹ የ18ኛው ክፍለ ዘመን ናቸው፤ ከተማዋ በዩኔስኮ የተመዘገበችው በ2001 ነው።

የስዋሂሊ ቋንቋም ከአፍሪካ የባንቱ ቋንቋዎች አንዱ ነው፤ የቅርብ ዘመዶቹ ሚጂኬንዳ፣ ፖኮሞና የኮሞሮስ ቋንቋዎች ናቸው። የዓረብኛ ቃል መብዛቱ ሰዋስዉን አልለወጠውም።

ግን «ባሕር ማዶ ምንም የለበትም» ማለትም ሌላው ጽንፍ ነው። በ2023 የታተመ የ80 ጥንታዊ ሰዎች የዘረመል ጥናት ከ1000 ገደማ ጀምሮ ድብልቅ እንደነበረ አሳይቷል፤ በእናት በኩል በአመዛኙ አፍሪካዊ፣ በአባት በኩል በብዛት ፋርሳዊ። የጠረፉ ሰዎች ሲናገሩት የኖሩት የሺራዝ ተረክ (አባቶቻችን ከፋርስ ከተማ ከሺራዝ መጡ የሚለው) ባዶ አልነበረም ማለት ነው። ግንበኝነቱም ቢሆን ብቻውን የቆመ አይደለም። ሕያው ኮራልን ከባሕር ሥር ለስላሳ ሳለ ቆርጦ መቅረጽ በቀይ ባሕርም ይሠራበት ነበር፤ የምጽዋን የድሮ ቤቶች የምታውቁ ግድግዳቸው ኮራል መሆኑን ታውቃላችሁ። በላሙ በኩል ይህ ለስላሳው ድንጋይ ለሚሕራብ (በመስጊድ ውስጥ የመካን አቅጣጫ ለሚያመለክተው የግድግዳ ጎድጓዳ) እና ለበር ጠርዝ ብቻ ይውላል፤ ተራው ግድግዳ ከየብስ የሚፈለጠው ሻካራ ኮራል ነው።

ወራጅና_ማገር፦

አንድ ነገር ልጨምር፦ ልስን ከመጀመሩ በፊት የቦሪቲ ጫፎችን ፈትሹ። ከግድግዳው ጋር በሚገናኙበት ቦታ ሹል ብረት ወግታችሁ ሁለት ሦስት ሴንቲ ሜትር ያለችግር ከገባ በስብሷል። መሐሉ ደህና መስሎ ስለሚታይ ብዙ ሰው በዓይኑ ብቻ አይቶ ያልፈዋል።

የበሰበሰውን ስትቀይሩ በክፍሉ ርዝመት ሁሉ ከሥር አግዳሚ አድርጋችሁ በፑንቴሎ (በጊዜያዊ ቋሚ ድጋፍ) ደግፉ፤ ታችኛው ፎቅ ላይም በዚያው ትይዩ ሌላ ድጋፍ ያስፈልጋል፣ አለበለዚያ ጭነቱን ለታችኛው ቦሪቲ ነው የምታሸክሙት። ከዚያ አንድ በአንድ እንጂ ጎን ለጎን ያሉትን ሁለቱን አብራችሁ አታውጡ። አዲሱ ቅርፊቱ የተላጠና ጥላ ላይ የደረቀ ይሁን፤ እርጥቡ ሲደርቅ ይቀጥንና ወለሉን ይለቀዋል። ጫፉን ስትቀብሩ ዙሪያውን በኖራ አትድፈኑት፤ ጫፉ ላይ የጣት ያህል ክፍተት ተዉለት፣ አየር ያግኝ። ከላዩ ያለውን ባዶ ቦታ በኮራል ስባሪና በኖራ አጥብቃችሁ ሙሉና ኖራው እስኪጠነክር ሳምንታት ጠብቁ። ከዚያ በፊት ፑንቴሎውን አታንሱ።