ተከራዮቹ ሙዚቃ አልቀንስም ብለዋል፣ እኔ ደሴ ነኝ፣ ቤቱ ኮምቦልቻ ነው፣ ምን ላድርግ?

እናኑ፣ ከምሽቱ 5፡12
ያልተኛ ሰው ካለ እባካችሁ። ኮምቦልቻ ያለውን ቤት ለ2 ሌሊት አከራይቼ ነበር። ሞንታርቦ ግቢ ውስጥ አውጥተው እየጨፈሩ ነው። ጎረቤት ደውሎ ጮኸብኝ። ለተከራዩ 7 ጊዜ ደወልኩለት፣ አንዴ አነሳና «እሺ እሺ» ብሎ ዘጋው። ምንም አልቀነሰም። ጭራሽ ቆርቆሮው ላይ ድንጋይ መውደቅ ጀምሯል ይላል ዘበኛው። ማን ነው የሚያስቆምልኝ? ሕጉስ ምን ይላል? ቶሎ በሉ።

ቦርከና፣ 5፡14
ቆጣሪውን አስጠፊው። አለቀ።

የፒያሳው፣ 5፡15
ምን ዓይነት ዘፈን ነው? ባቲና አምባሰል ከሆነ ተያቸው፣ አገራቸው ነው።

እናኑ፣ 5፡16
ቀልድ አልፈልግም። አጥር የምንጋራው ቤት አራስ አለች።

የፒያሳው፣ 5፡17
ውይ፣ ይቅርታ እቴ። አላወቅኩም።

ጋሽ ደንቡ፣ 5፡26
እህቴ፣ ነገሩን ከሥሩ እንየው። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 1225 የቤት ወይም የመሬት ባለቤት ጎረቤቱን እንዳያውክ ይከለክላል። ጭስ፣ ጥላሸት፣ መጥፎ ሽታ፣ ድምፅ፣ መንቀጥቀጥ፣ ከመልካም ጉርብትና ልክ ማለፍ የለበትም። የአካባቢው ልማድም ይታያል። ስለዚህ አንድ ቀን ልቅሶ ቤት ሰው ጮኸ ተብሎ አይከሰስም።

ሁለተኛ፣ የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 አለ። ድምፅን እንደ ብክለት ይቆጥራል። የወጣው መለኪያ ለመኖሪያ ሰፈር ቀን 55፣ ሌሊት 45 ዴሲቤል ነው። ለንግድ ሰፈር 65 እና 55። ለፋብሪካ ሰፈር 75 እና 70። ሌሊት የሚባለው ከምሽቱ 3 ሰዓት እስከ ንጋቱ 12 ሰዓት ነው። ልብ በይ፣ ሁለት ሰዎች ተቀምጠው ሲያወሩ እንኳ 60 ገደማ ይደርሳል። ከ45 ወደ 55 ሲወጣ ደግሞ የተጨመረው 10 ቁጥር ብቻ አይደለም፣ የድምፁ ጉልበት 10 እጥፍ ሆኗል። እንግዲህ ሞንታርቦን አስቢው።

ሦስተኛ፣ የወንጀል ሕጉ በደንብ መተላለፍ ክፍሉ የሰውን ሥራና ዕረፍት በጩኸት ማወክን ያስቀጣል። አራተኛ፣ ወደ ዋናው ጉዳይ ስንመጣ

ቦርከና፣ 5፡27
ጋሽ ደንቡ፣ ይሄን አንብባ እስክትጨርስ የአራሷ ልጅ 40 ቀን ይሞላዋል። ቆጣሪ! ቆጣሪ!

ጋሽ ደንቡ፣ 5፡29
ጠየቀች፣ መለስኩ። «ሕጉስ ምን ይላል» ብላለች እኮ። ዋናው ጉዳይ ይሄ ነው፦ አንቀጹ የሚናገረው ስለ ባለቤት ነው። «ተከራይ ነው ያጠፋው» ብለሽ ጎረቤት ፊት እጅሽን መታጠብ አትችዪም።

ሮቢት ሰፈር፣ 5፡31
እኔ ግን ልጠይቅ። ስንት ሰው ነው ያከራየሽው? ውል አለ? ፈቃድስ አለሽ?

እናኑ፣ 5፡34
4 ሰው ነው የተባልኩት። ከአዲስ አበባ የመጡ የሰርግ እንግዶች ናቸው፣ ደላላ ነው ያገናኘኝ። ዘበኛው 15 ይሆናሉ ይላል። ውል የለም፣ ብሩን በቴሌብር ነው የላኩልኝ። ፈቃዱን አሁን ተዉኝ።

ሮቢት ሰፈር፣ 5፡37
አልተውሽም። በአዋጅ ቁጥር 1320/2016 የመኖሪያ ቤት ኪራይ ውል ከ2 ዓመት እንዳያንስ ተደንግጓል። አንቺ ለ2 ሌሊት አከራይተሽ ነው «ሕጉስ ምን ይላል» የምትይው?

ጢጣ ገስት፣ 5፡39
እሱ ለመኖሪያ ነው። የቀን ኪራይ ሌላ ነው፣ ገስት ሃውስ በንግድ ፈቃድ ነው የሚሠራው።

ሮቢት ሰፈር፣ 5፡40
እኮ! ወይ መኖሪያ ነሽ፣ 2 ዓመት። ወይ ገስት ሃውስ ነሽ፣ ፈቃድ። መሀል ላይ ቆመሽ ፖሊስ ብትጠሪ መጀመሪያ የምትጠየቂው አንቺ ነሽ።

አዱኛ፣ 5፡41
ቆይ፣ ሰርግ ነው እኮ! ጥር ነው! ድሮ 3 ቀን ሙሉ ድንኳን ተጥሎ ይጨፈር አልነበር? ማን ዴሲቤል ይለካ ነበር?

ጢጣ ገስት፣ 5፡42
ድሮ ጎረቤቱም ተጠርቶ ድንኳኑ ውስጥ ነበራ። አሁን እነማን እንደሆኑ ሳያውቅ ነው እንቅልፍ የሚያጣው።

የሳውንድ ልጅ፣ 5፡46
ሰርግ ላይ ሳውንድ ስሠራ 10 ዓመት አለፈኝ። እናኑ፣ አጥፉ ካልሻቸው እልህ ይገባሉ፣ አታጥፊባቸው። ጎረቤትን የሚያስለቅሰው ቤዙ ነው። ቀጭኑን ድምፅ ግድግዳ ያስቀረዋል፣ ወፍራሙ ግን ግድግዳውን አልፎ አልጋ ያንቀጠቅጣል። ቆርቆሮ ጣራ ከሆነ ደግሞ ራሱ ቆርቆሮው አብሮ ይዘፍናል። ዘበኛው እንዲህ ይበላቸው፦ ሞንታርቦውን ከግቢ ወደ ሳሎን አስገቡ። ከመሬት አንስታችሁ ወንበር ላይ አድርጉት፣ ከሥሩ ብርድ ልብስ አጥፋችሁ አንጥፉ። አፉን ከአራሷ አጥር አዙሩ። ቤዙን እስከ መጨረሻው ቀንሱ። መስኮት ዝጉ። ኮምቦልቻ ሙቀት ነው እንደሚሉ አውቃለሁ፣ ደሴ ቢሆን ብርዱ ራሱ ያዘጋቸው ነበር። ይዝጉ።

ደግሞ ለከፈለው ልጅ መደወሉን ተዪ። ጓደኞቹ ፊት ለአከራይ ሲታዘዝ አይታይም። ከመሀላቸው ያልጠጣ ሰው አይጠፋም፣ ሴቶቹ ውስጥ ፈልጉ። ዘበኛው ስልኩን ይስጣት። ሕግ እንዳትጠቅሺ። «ከአጥሩ ማዶ አራስ አለች» ብቻ በያት። ማን ነግሯቸዋል? አያውቁም እኮ።

ቦርከና፣ 5፡47
በአጭሩ ቆጣሪውን ማለት ነው።

እናኑ፣ 5፡52
ዘበኛው ቆጣሪውን አጠፋው። ጸጥ አለ።

ቦርከና፣ 5፡52
እንዲህ ነው እንጂ! 🙌

እናኑ፣ 5፡58
መኪናቸውን አስነሱ። በሮቹን በሙሉ ከፍተው በመኪናው ቴፕ ቀጠሉ። ጥሩምባም ጨምረዋል።

የፒያሳው፣ 5፡59
እንዳልስቅ አራሷ ትዝ ትለኛለች። ቦርከና ሆይ፣ ቀጥሎስ? ባትሪውን ይንቀል?

ቦርከና፣ ከሌሊቱ 6፡00
የግቢው ቆጣሪ ብቻ ነው የጠፋው? ወይስ

የሳውንድ ልጅ፣ 6፡01
አላልኩም? በጨለማ ደግሞ የሰከረ ሰው ብርጭቆ ይረግጣል። መልሳችሁ አብሩላቸው።

በርበሬ ወንዝ ማዶ፣ 6፡03
ቤቱ በርበሬ ወንዝ በኩል ነው? እኔም ጋ እየተሰማ ነው፣ መተኛት አልቻልኩም።

እናኑ፣ 6፡04
አይደለም፣ የኔ ወዲያ በኩል ነው።

በርበሬ ወንዝ ማዶ፣ 6፡04
እንግዲያስ ሁለት ቤት ነው። በል ጥር፣ ጨርሰን።

ጢጣ ገስት፣ 6፡07
ፖሊስ የሚያስፈልገው ለዘፈኑ ሳይሆን ለድንጋዩ ነው። አንዱ ጭንቅላት ላይ ካረፈ ሰርጉ ወደ ሌላ ይዞራል። ሌላ ሰው ካለ ዘበኛው በር ላይ ይቆይ፣ ሌላው ጣቢያ ይሂድ። «ድምፅ በዛ» ከተባለ ነገ እንነጋገራለን ሊባል ይችላል። «ሁለት ወገን ሊደባደብ ነው፣ ድንጋይ ተጀምሯል» ከተባለ ይመጣሉ። ፈቃዱን ፈርተሽ ሰው እንዳይጎዳብሽ። የፈቃዱ ጣጣ በኋላ ይፈታል።

አዱኛ፣ 6፡08
ወይ አንቺው ሄደሽ አታስቆሚም?

እናኑ፣ 6፡09
ሁለት ልጆች አልጋ ላይ አሉ፣ ባለቤቴ የለም። በዚህ ሌሊት 25 ኪሎ ሜትር፣ ያውም የሐረጎን ቁልቁለት ልውረድ?

የሸዋ በር እናት፣ 6፡13
የኔ ልጅ፣ ተነስቼ ውሃ ልጠጣ ስል ነው ያየሁት። አንድ ነገር ልጠይቅሽ። ጎረቤትሽ ደውሎ ሲጮህብሽ ምን አልሽው?

እናኑ፣ 6፡15
ዘጋሁበት። ተሳደበ።

የሸዋ በር እናት፣ 6፡17
ይሳደባላ። ሚስቱ አራስ ናት፣ አንቺ ዘጋሽበት፣ እሱ ደግሞ ድንጋይ አነሳ። አሁን ደውይለት። ሕጉንም ደላላውንም አታንሺበት። «አውፍ በለኝ፣ ጥፋቱ የኔ ነው፣ አሁን እያስቆምኩ ነው» በይው። ድንጋዩ ይቆማል። ለመሆኑ እዚያ ሰፈር ቅሬ (እድሩ) ውስጥ አለሽ?

እናኑ፣ 6፡20
እናቴ ነበረች። ቤቱ የሷ ነው። እሷ ካረፈች በኋላ እኔ መዋጮውን አልቀጠልኩም። ደሴ ነው የምኖረው፣ ምን ያደርግልኛል ብዬ።

የሸዋ በር እናት፣ 6፡22
እናትሽን የቀበሩ ሰዎች ናቸው እኮ። ደውይ በይ። ነገ ደግሞ በጠዋት ውረጂ። ባዶ እጅሽን አትሂጂ፣ አራስ ቤት ነው። የቅሬውን ሽማግሌ ይዘሽ ግቢ።

ጋሽ ደንቡ፣ 6፡25
ያልኩትም ይሄንኑ ነው። «መልካም ጉርብትና» ይላል አንቀጹ።

ቦርከና፣ 6፡26
ጋሽ ደንቡ፣ እርስዎ አይተኙም?

እናኑ፣ 6፡31
ደወልኩለት። ሴት ናት ያነሳችው፣ እናቱ መሰሉኝ። መጀመሪያ ዝም አሉ። ከዛ «የማን ልጅ ነሽ?» አሉኝ። የእናቴን ስም ነገርኳቸው። ዘበኛው አሁን ስልኩን ለአንዷ ልጅ ሊሰጣት ነው። ቆዩ፣ ላውራት።

የሳውንድ ልጅ፣ 6፡32
አራሷን ብቻ። ሌላ ነገር አታንሺ።

የፒያሳው፣ 6፡55
እናኑ?

የሸዋ በር እናት፣ 7፡10
ተኝታ ይሆናል። አልሐምዱሊላህ በሉ፣ እናንተም ተኙ።

የሳውንድ ልጅ፣ በማግስቱ፣ ከጠዋቱ 3፡40
እናኑ፣ ምን ሆነ? ሞንታርቦው ገባ?

ጢጣ ገስት፣ ከቀኑ 8፡05
እስክትመጣ ለሌላው አከራይ የኔን ልናገር። ጢጣ ላይ 3 ክፍል አከራያለሁ። አንዴ የኔም ቤት እንደ እናኑ ሆኖ ያውቃል። ያኔ የተማርኩት፣ ከመጀመሪያው ደላላውን ሳይሆን ተከራዩን ራሱን ማናገር ነው። መታወቂያውን አያለሁ፣ ፎቶ አነሳለሁ። «ስንት ናችሁ» ብዬ ጠይቄ ቁጥሩን በወረቀት አስፈርማለሁ። በሳሎኑ በር ላይ በትልቁ ጽፌ ለጥፌያለሁ፦ ከምሽቱ 3 ሰዓት በኋላ ግቢ ውስጥ ሙዚቃ የለም፣ ቤት ውስጥም ቢሆን መስኮት ተዘግቶ። 3 ሰዓት ያልኩት ከራሴ አይደለም፣ ጋሽ ደንቡ የጠቀሱት ሰዓት ነው። ማስያዣ ብር እቀበላለሁ፣ ጎረቤት ካልደወለ ሲወጡ እመልሳለሁ። ይሄ ማስያዣ ከዘበኛም ከፖሊስም በላይ ይሠራል። ሰው የማያውቀውን ጎረቤት ባያስብለት እንኳ ለብሩ ይሳሳል።

ሁለቱም ጎረቤቶቼ ስልኬን ይዘዋል። ከእንግዳዬ በፊት እኔን ነው የሚያገኙት። ለሰርግና ለምርቃት ግን ጭራሽ አላከራይም። በጥር የሚገባው ብር ያጓጓል፣ አውቃለሁ።

አዱኛ፣ 8፡20
ሰርግ የማታከራይ ከሆነ የሰርግ እንግዳ የት ይደር ታዲያ?

ጢጣ ገስት፣ 8፡22
ይደር እንጂ። ማደርና መጨፈር ለየቅል ነው።

ሮቢት ሰፈር፣ 8፡30
ፈቃድ ያልኩት ግን እንዳይረሳ። ፈቃድ ያለው ሰው ራሱ ፖሊስ ጠርቶ በር ላይ ይጠብቃል። የሌለው በስልክ ያለቅሳል።

የሸዋ በር እናት፣ ከምሽቱ 1፡15
እናኑ ልጄ፣ ወረድሽ?

የሳውንድ ልጅ፣ ከ3 ቀን በኋላ
አሁንም የለችም?

ጋሽ ደንቡ፣ ከ3 ቀን በኋላ
አራተኛውን ነጥብ ያኔ አልጨረስኩትም ነበር። በስልክ ዴሲቤል የሚለኩ አፖች አሉ። ለማስረጃ በቂ ባይሆኑም ክርክር ከመጀመሩ በፊት ራስን ለማየት ጥሩ ናቸው። ጎረቤት መኝታ ቤት ቆመሽ ለኪ፣ በራስሽ ሳሎን ሳይሆን። ቁጥሩን ጎረቤቱ ሲያይ

ቦርከና፣ ከ3 ቀን በኋላ
ጋሽ ደንቡ 😄

ከውጫሌ፣ ከ5 ቀን በኋላ
ሰላም እናኑ፣ ቤቱ ለጥር 25 ክፍት ነው? ለ2 ሌሊት ነው የምንፈልገው። 4 ሰው ነን።