የእንፋሎት መስመራችን ብየዳ ለሦስተኛ ጊዜ ተሰነጠቀ፤ እባካችሁ እርዱኝ

ሰላም ወገኖች። ጎንደር ውስጥ የአንድ ፋብሪካ ጥገና ክፍል ሠራተኛ ነኝ። ከቦይለሩ እስከ ማሽኖቹ 40 ሜትር ቀጥ ያለ ባለ 4 ኢንች የካርቦን ብረት ቧንቧ አለን፤ የግፊት መለኪያው (ጌጁ) 10 ባር ያነባል። ሁለቱም ጫፎች ድርቅ ተደርገው ታስረዋል። በቦይለሩ በኩል ያለው ብየዳ ዘንድሮ ብቻ ሦስቴ ተሰነጠቀ። አለቃዬ «ወፈር አድርገህ በይደው» ይለኛል። እኔ ግን ጥፋቱ የበያጁ አይመስለኝም።

ሒሳቡን ሠራሁት። እንፋሎቱ ወደ 183 ዲግሪ ሴልሺየስ ነው። ቧንቧው ከ20 ዲግሪ ተነሥቶ እዚያ ሲደርስ፣ ለእያንዳንዱ ሜትርና ዲግሪ 0.012 ሚሊ ሜትር እየረዘመ 78 ሚሊ ሜትር ገደማ ይጨምራል። ስምንት ሴንቲ ሜትር ሊሞላ ምን ቀረው! መሄጃ የለውም፤ ያው ብየዳው ላይ ያርፋል።

መርዘሙን እየታጠፈ የሚቀበል የዩ ቅርጽ ማጠፊያ ላስገባ ብል ወደ ጎን ያለኝ ቦታ 2 ሜትር ብቻ ነው። መሐሉን አስሬ በየግማሹ አንድ አንድ ትንሽ ዩ ባደርግስ? ቤሎስ (እንደ አኮርዲዮን የሚሳብና የሚጨመቅ የቧንቧ መገጣጠሚያ) ይሻላል የሚለኝም አለ፤ ግን የውስጥ ግፊቱ ማሰሪያዎቹን እንዳይነቅልብኝ ፈራሁ። ደግሞስ ከአሜሪካ መካኒካል መሐንዲሶች ማኅበር (ኤኤስኤምኢ) የቧንቧ ደንቦች ለዚህ መስመር የምከተለው ቢ31.1ን (የኃይል ማመንጫ ቧንቧዎች) ነው ወይስ ቢ31.3ን (የፋብሪካ ሂደት ቧንቧዎች)? የሠራችሁበት ካላችሁ ንገሩኝ፤ እስከዚያ መስመሩን ዘግቼዋለሁ፣ አለቃዬም ተቆጥቷል።