«ድንጋይ አይበላሽም»፦ የመልካ ቁንጥሬ መሣሪያዎች ይመለሱ ወይስ አምስት ኪሎ ይቆዩ?

ካሬ 12፦
ትናንት ማታ በአንድ የኤፍኤም ውይይት ላይ እንግዳው ያሉትን ሰማችሁ? «የመልካ ቁንጥሬ የድንጋይ መሣሪያ አምስት ኪሎ ሙዚየም መጋዘን ውስጥ ምን ይሠራል? በአንድ አይሱዙ ጭኖ መመለስ ነው። ድንጋይ እንደሆነ አይበላሽም።» አወያዩም «ትክክል» ብሎ ወደ ማስታወቂያ ሄደ። ይመለስ አይመለስ ለብቻው እንከራከርበት። ግን ድንጋይ አይበላሽም? ደግሞ በአይሱዙ?

አዋሽ ማዶ፦
ሰውየው ምን አጠፉ? መልካ ቁንጥሬና ባልጭት፣ የጥንት ሰው የድንጋይ መሣሪያ የሚገኝባቸው ቦታዎች፣ በ2016 ዓ.ም. ሐምሌ ላይ የዓለም ቅርስ ሆነው ተመዝግበዋል። ከአዲስ አበባ 50 ኪሎ ሜትር ነው፣ በግማሽ ቀን ደርሶ መመለስ ይቻላል። ቦታው እዚያ፣ ከዕቃው ከፊሉ እዚህ። ደግሞ ሚሊዮን ዓመት ጎርፍና ዝናብ የቻለ ድንጋይ የቡታጅራን መንገድ ያቅተዋል?

ካሬ 12፦
የቻለው ተቀብሮ ስለቆየ ነዋ! አሸዋና የእሳተ ገሞራ አመድ ውስጥ ተቀምጦ ከጎኑ ካለው ጋር አይጋጭም። ባልጩት እሳተ ገሞራ የሠራው መስታወት ነው። ሁለቱን አንድ ከረጢት ውስጥ ከተህ ብታንቀጠቅጣቸው ጠርዛቸው ይሸራረፋል። ያ ሽርፍራፊ ሰው ሆን ብሎ የሳለው ይመስላል። ከዓመታት በኋላ ሌላ አጥኚ መጥቶ ተራውን ስንጣሪ «ቆዳ መፋቂያ» ብሎ ይመዘግበዋል። መበላሸት ማለት ይሄ ነው።

ገልባጭ፦
😂 ስለዚህ አይሱዙው ራሱ የድንጋይ ዘመን ጠቢብ ሆነ።

ሰባራ ምሳር፦
ልጆች፣ ታጋንናላችሁ። የለመደ ዓይን ይለየዋል። ሰው የሳለው ጠርዝ ላይ ጠባሳዎቹ ተከታታይ ናቸው፣ መጠናቸው ይቀራረባል፣ አብዛኛውን ጊዜም በአንድ ፊት በኩል ይደረደራሉ። ኮንሶ ውስጥ በድንጋይ ቆዳ የሚፍቁት ሴቶች የደነዘውን ሲስሉ ጠርዙ ላይ የሚቀረውን ተመልከቱ። የከረጢት ግጭት ግን እዚህም እዚያም ይዘላል፣ አንዴ በላይ አንዴ በታች ነው። ደግሞ አዲስ ስብራት ከአሮጌው ፊት ይልቅ ያብረቀርቃል።

ማዕዘን፦
ጋሼ፣ በአክብሮት፣ ባዛልት በሚባለው ተራ ጥቁር ድንጋይ ላይ ልክ ነዎት። ባልጩት ግን በደንብ ተቀብሮ ከቆየ አሮጌው ፊትም እንደ አዲስ ያበራል። በዓይን የሚለየውስ ቢለይ በማይክሮስኮፕ የሚነበበው አለ። ዝዋይ አጠገብ ያለውን ጋዴሞታን ያስታውሱ። ከ279,000 ዓመት በላይ የሆናቸው የባልጩት ጫፎች ናቸው። ዮናታን ሳህሌና ባልደረቦቹ በ2013 እ.ኤ.አ. «እነዚህ የሚወረወር ጦር ጫፍ ነበሩ» ያሉት በምን ነው? ጫፉ ሲመታ የተሰነጠቀበት ፍጥነት መስታወቱ ላይ ጥቃቅን መስመር ይተዋል፣ የመስመሮቹ ማዕዘን ተለክቶ ፍጥነቱ ይሰላል። ያንን ጫፍ አንድ ጊዜ ሳጥን ውስጥ ብትጥለው መረጃው አለቀ።

አዋሽ ማዶ፦
ጋዴሞታ ሌላ፣ መልካ ቁንጥሬ ሌላ። የኛ ብዙው ትልልቅ የእጅ መጥረቢያ ነው፣ ኪሎ የሚመዝን ባዛልት አለበት። እሱም በጥጥ ይጠቅለል?

ካሬ 12፦
«ብዙው» ስትል እዚያው መልካ ቁንጥሬ ያለውን ሲምቢሮ ሦስት የሚባለውን ቁፋሮ ረስተሃል? ከ1.2 ሚሊዮን ዓመት በላይ የሆነው ንጣፍ፣ በ2023 እ.ኤ.አ. የታተመው፣ 578 መሣሪያ፣ ከሦስቱ በስተቀር ሁሉም ባልጩት። መጥረቢያዎቹ ራሳቸው መስታወት ናቸው። ባዛልቱን አብረህ ከጫንክ ደግሞ የባሰ፣ ከባዱ ቀላሉን ይፈጫል።

አዋሽ ማዶ፦
እሺ መስታወት ነው። አንድ ጥያቄ ብቻ መልሱልኝ። የመስታወት አያያዝ የሚያውቀው የአዲስ አበባ ሰው ብቻ ነው? እነዚያን ቁፋሮዎች በእጃቸው የቆፈሩት፣ በወንፊት የነፉት የማን ልጆች ናቸው? ሲቆፈር እናምናቸዋለን፣ ሲቀመጥ «ይሰብሩታል»።

ማዕዘን፦
ማንም እንደዚያ አላለም፣ አትጠምዝዝ። የተባለው «አይበላሽም ብሎ መጫን አይቻልም» ነው። አሠራሩ ይታወቃል። እያንዳንዱ ስንጣሪ ለብቻው በፕላስቲክ ከረጢት፣ እርጥበት እንዳይታፈን ከረጢቱ ይበሳል። መለያው ሁለት ወረቀት ነው፣ አንዱ ከውስጥ አንዱ ከውጭ። በእስክሪብቶ አይጻፍም፣ ይደበዝዛል። ቁጥሩ ድንጋዩ ላይ ሲጻፍ ከጠርዝ የራቀ ቦታ ይመረጣል፣ በአሴቶን የሟሟ ፓራሎይድ የሚባል ግልጽ ሙጫ ስስ አድርጎ ይቀባል፣ ሲደርቅ ይጻፍበታል፣ ከላይ ደግሞ ይደገማል። ባልጩት ጥቁር ስለሆነ ቀለሙ ነጭ መሆን አለበት። በፓራሎይድ ፈንታ የጥፍር ቀለም የሚጠቀሙ አሉ፣ እሱ ይቢጫል፣ ይላጣል፣ ቁጥሩንም ይዞት ይሄዳል። ሲደረደር ስፖንጅ በልኩ ተቆርጦ፣ ከባዱ ከታች፣ ሳጥኑ አንድ ሰው ብቻውን ሳያዘነብል የሚያነሳው ያህል።

ገልባጭ፦
ለድንጋይ ይህ ሁሉ ሽርጉድ! ቁጥሩ ቢላጥስ? ድንጋዩ የት ይሄዳል?

ካሬ 12፦
ድንጋዩ የትም አይሄድም፣ ዕድሜው ነው የሚሄደው። አለቱ ቀልጦ የረጋበት ዘመን ሊለካ ይችላል፣ የተጠረበበትን ግን ድንጋዩ አይነግርህም። የሚለካው ከበላዩና ከበታቹ ያለው አመድ ነው፣ በውስጡ በተጠራቀመው የአርጎን ጋዝ። ስለዚህ አንድ የእጅ መጥረቢያ ዕድሜ የሚኖረው የትኛው ካሬ፣ የትኛው ንጣፍ፣ ስንት ጥልቀት ላይ እንደነበር ከታወቀ ብቻ ነው። ቶታል ስቴሽን በሚባለው የቦታ መለኪያ ሦስት ቁጥር የሚወሰደው፣ ወደየት እንዳዘነበለ የሚለካው ለጌጥ መሰለህ? ረዣዥሞቹ ሁሉ ወደ አንድ አቅጣጫ ከተኙ ወንዝ አምጥቶ ደርድሯቸው ሊሆን ይችላል። ቁጥሩ የተላጠ ድንጋይ ሳሎን ጠረጴዛ ላይ ከተቀመጠ ድንጋይ አይለይም።

ገልባጭ፦
ለማንኛውም ዕድሜ ካላችሁ ኬንያ በልጣናለች። የሎሜክዊ የድንጋይ መሣሪያ 3.3 ሚሊዮን ዓመት፣ የኛ የአፋሩ ጎና 2.6። «የመጀመሪያዎቹ እኛ ነን» የሚለውን ፖስተር አውርዱት።

ሰባራ ምሳር፦
እዚህ ላይ ልግባ። ጎና ላይ እነ ስለሺ ሰማው በ1997 እ.ኤ.አ. ያሳተሙት ቀን በአርጎንም በአፈሩ መግነጢስም የተያዘ ነው፣ ማንም አላናወጠውም። ሎሜክዊን በ2015 እ.ኤ.አ. ካወጁት በኋላ «ድንጋዮቹ በእርግጥ ከዚያ ንጣፍ ናቸው ወይ» ብለው በጽሑፍ የሞገቱ አሉ። ስንጣሪውም ትልልቅ ነው፣ መሬት ላይ ባለ ድንጋይ ላይ አድርጎ መደብደብ እንጂ እንደ ጎና መቺውን በእጅ ይዞ ጠርዝ መርጦ መምታት አይመስልም።

ገልባጭ፦
ጋሼ፣ «ተሞግቷል» የሚባለው የጎረቤት ሲሆን ብቻ ነው? የኛ ዲኪካ 3.4 ሚሊዮን፣ በሁለት አጥንት ላይ ያለ፣ በድንጋይ መሣሪያ የተቆረጠ ነው የተባለ ጭረት፣ «አዞ ነው»፣ «እንስሳ ረግጦት ነው» ተብሎ እስካሁን ይጨቃጨቁበት የለ? እሱንስ ስንቆጥር «ተሞግቷል» እንላለን?

ሰባራ ምሳር፦
እኔ ዲኪካን ቆጠርኩ? ያላልኩትን አታስብለኝ።

ማዕዘን፦
ኬንያን ተዉአትና ወደ ጉዳዩ። «አይበላሽም» ያሉ ሰዎች ሌላ የሚያደርጉት ነገር አለ፣ ማጠብ። ድንጋይ ነው ተብሎ በብሩሽ ይታሻል። ድሬዳዋ ፖርክ ኤፒክ ዋሻ ውስጥ 40,000 ዓመት ገደማ የሆነው ቀይ የቀለም አፈር ተገኝቷል፣ 4,213 ቁራጭ፣ 40 ኪሎ ግራም። ቀለሙ እንደተፈጨ የምናውቀው መፍጫ ድንጋዮቹ ላይ ቅሪቱ ስላለ ነው። ቢታጠቡ ኖሮ መፍጫ መሆናቸው እንጂ ምን እንደፈጩ አይታወቅም ነበር።

አዋሽ ማዶ፦
ጥሩ ትምህርት ነው፣ እናመሰግናለን። ግን ልብ አላችሁ? ከላይ የጻፋችሁት ሁሉ፣ ስፖንጅ፣ ፓራሎይድ፣ ነጭ ቀለም፣ አንዱም አምስት ኪሎ መሆንን አይጠይቅም። መልካ ቁንጥሬ ውስጥ ጎምቦሬ ላይ መሣሪያዎቹ በተገኙበት መሬት ላይ እንዳሉ ለጎብኚ ይታያሉ፣ ሙዚየሙ አለ፣ ሰው አለ። ጎምቦሬ ሁለት ላይ የ700,000 ዓመት የሕፃናት የእግር አሻራ ወጥቷል። አሻራው እዚያ፣ የዘመኑ ድንጋይ እዚህ፣ ለምን?

ካሬ 12፦
ለጥናት። ሲምቢሮን እዚያው መልካ ቁንጥሬ ካለው ጋርባ፣ ጋርባን ከኮንሶ ማወዳደር የሚፈልግ ሰው አንድ ጠረጴዛ ላይ ማየት አለበት። የኮንሶ 1.75 ሚሊዮን ዓመት መጥረቢያ እዚህ፣ የመልካ ቁንጥሬው እዚያ ከሆነ በፎቶ ነው የሚወዳደረው። በፎቶ ደግሞ የጠርዙን ውፍረት አትለካም።

አዋሽ ማዶ፦
50 ኪሎ ሜትር ነው ያልኩህ፣ ጨረቃ አይደለም። ከባሕር ማዶ የሚመጣ አጥኚ ቡታጅራ መንገድ ላይ መውጣት ያቅተዋል?

ሰባራ ምሳር፦
ሁለታችሁም ዝርዝሩን ዘለላችሁ። ከመጫኑ በፊት በከረጢት በከረጢት ቆጠራ ያስፈልጋል። ከ1965 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የፈረንሳይ ቡድን ቆፈረ፣ ኋላ የጣሊያን መጣ። አንዱ አንድ ዓይነት ቁጥር፣ ሌላው ሌላ። ሁለቱ መዝገብ ሳይገጣጠም የተነሳ ሳጥን እዚያ ሲከፈት ጭቅጭቅ ነው የሚወጣው።

አዋሽ ማዶ፦
ይኸው «ገና ነው» መጣ። ቆጠራው የሚጠናቀቀው መቼ ነው? ማን ጀመረው? በየዓመቱ «መጀመሪያ ዝርዝር» ይባላል፣ ዝርዝሩም የለ፣ ድንጋዩም የለ።

ገልባጭ፦
እኔ ላስታርቃችሁ። ቅጂ አሠርታችሁ ላኩላቸው። ባልጩቱ ባልጭት ላይ ሞልቷል፣ ከመልካ ቁንጥሬ ሰባት ኪሎ ሜትር ነው። አንድ ጎበዝ ጠራቢ ቀኑን ሙሉ ያወጣል።

ማዕዘን፦
አደራ! በዚያው ድንጋይ የተጠረበ አዲስ መጥረቢያ ከአሮጌው ጋር ሲቀላቀል ነው ጉዱ። የሚጠረብ ከሆነ ሸራ ተነጥፎ ፍርፋሪው በሙሉ ተለቅሞ መወሰድ አለበት። ያለዚያ የሚቀጥለው ቁፋሮ የዛሬውን ፍርፋሪ የአያት ቅድመ አያት ብሎ ይቆጥራል። መጥረቢያው ላይ በአልማዝ ጫፍ ዓመቱ ይቀረጽ። መነጽርና ጓንት ሳይረሳ፣ የባልጩት ስንጣሪ ዓይን ውስጥ ከገባ ቀልድ አይደለም። ይልቅ ከሬንጅ የተሠራ... ይቅርታ፣ እንደ ፕላስቲክ ከሚጠነክር ሬዚን የተሠራ ቅጂ ይሻላል፣ ክብደቱ ራሱ ያጋልጠዋል።

አዋሽ ማዶ፦
በቅጂውማ ተስማምቻለሁ። አምስት ኪሎ ሉሲን ለሕዝብ የሚያሳየው በቅጂ አይደል እንዴ? የአዲስ አበባ ሰው ቅጂ ማየት ለምዷል። የሬዚኑን መጥረቢያ እናንተ አስቀምጡ፣ ድንጋዩን ላኩልን።