ሎጎው የተቀየረ የአፕዴት ዚፕ ሪከቨሪ ላይ አልቀበልም አለ

የአቶቴው፦
አንድሮይድ ስልክ ነው። ከአምራቹ ድረ ገጽ የወረደው ዚፕ ኮምፒውተር ላይ ተፈትቶ የመነሻ ሎጎው ብቻ ተቀየረና ተመልሶ ታሸገ። በሜሞሪ ካርድ ሲሰጠው ሪከቨሪው (አንድሮይዱ ሳይነሳ አፕዴት የሚጭነው ክፍል) «ሲግኔቸር ቬሪፊኬሽን ፌልድ» (ፊርማው አልተረጋገጠም) ይላል። ባለቤቱ ፎቶዎቹ እንዲነኩ አይፈልግም። ፍተሻውን መዝለል ይቻላል? እዚሁ ሀዋሳ የሞከረው ካለ ይንገረኝ።

ሐይቅ ዳር፦
ሎጎም ሆነ ሌላ፣ አንዲት ባይት ከተነካች አለቀ። የአምራቹ ዲጂታል ፊርማ ያለው ዚፑ ጅራት ላይ፣ ኮመንት በሚባለው የማስታወሻ ቦታ ውስጥ ነው። ሪከቨሪው ከፋይሉ መጀመሪያ እስከ ኮመንቱ ድረስ ያለውን በሻ-256 (አሮጌዎቹ በሻ-1) ይፈጭና የወጣው ሃሽ (የፋይሉ አጭር አሻራ) ከፊርማው ጋር መግጠሙን፣ ስልኩ ውስጥ አብሮ በመጣው የአምራቹ ይፋዊ ቁልፍ ያጣራል። መፈረሚያው የግል ቁልፍ ከአምራቹ እጅ አይወጣም። አንተ ደግሞ መልሰህ ስታሽገው ኮመንቱ ራሱ ቀርቷል። በሄክስ ኤዲተር (ፋይልን ባይት በባይት በሚያሳይ ፕሮግራም) የፋይሉን መጨረሻ 6 ባይት እይ፤ መካከለኛዎቹ ሁለቱ «ኤፍኤፍ» «ኤፍኤፍ» ካልሆኑ ፊርማ የለውም። አንዳንድ ሪከቨሪ ይህንን «ፉተር ኢዝ ሮንግ» (የፋይሉ መጨረሻ ልክ አይደለም) ብሎ ለይቶ ይናገራል።

የፒያሳው፦
ቡትሎደሩን (ስልኩ ሲበራ ሲስተሙን የሚያስነሳውን ፕሮግራም) ክፈትና ሌላ ሪከቨሪ ጫንበት፤ ፍተሻውን ማጥፊያ አለው።

ሐይቅ ዳር፦
ቡትሎደር ሲከፈት ዳታው ይጠረጋል፤ ፎቶዎቹን ተሰናበታቸው በለው! የተነካ ሲስተም ጭነህ መልሰህ ብትቆልፈው ደግሞ ቬሪፋይድ ቡት (ሲስተሙ አለመነካቱን ሲነሳ የሚያጣራው) ስልኩን አያስነሳውም።

የአቶቴው፦
አምራቹ ገጽ ላይ ሃሹ ተጽፏል። እሱ ከገጠመ ፊርማ ምን ያደርጋል?

ሐይቅ ዳር፦
ሃሽ ማንም ያወጣል፤ ፋይሉን የቀየረ ሰው ገጹ ላይ የተጻፈውንም ሊቀይር ይችላል። ፊርማ ግን ያለ ቁልፉ አይወጣም። ሃሹ የሚጠቅምህ ዳታ ተቆራርጦ ጎድሎ የወረደ መሆኑን ለማወቅ ነው። ዋናውን ዚፕ እንደገና አውርድ፣ ሃሹን አስተያይ፣ ሳትፈታው ስጠው። ፊርማው አልፎ «ዚስ ፓኬጅ ኢዝ ፎር» ካለህ የሌላ ሞዴል ነው። «ኦልደር ዛን» ካለ ስልኩ ላይ ካለው ያረጀ ነው። ሁለቱም ከፊርማ ጋር አይገናኙም።

የፒያሳው፦
ቢልድ ቁጥሩ ላይ «ቴስት ኪይስ» የሚልስ? ርካሾቹ ላይ አይጠፋም።

ሐይቅ ዳር፦
እሱ የሙከራ መፈረሚያ ቁልፍ ነው፤ ከአንድሮይድ ኮድ ጋር ለሁሉም የተለቀቀ ነው። ሪከቨሪውም እሱኑ የሚያምን ከሆነ የነካካኸውን ዚፕ ራስህ ፈርመህ ታስገባለህ። ሌላ ሰውም እንደዚያው የፈለገውን ያስገባል፤ ባለቤቱ ስልኩ ላይ የባንክ መተግበሪያ ካለው ይህን ንገረው።