ስለ ጳጳስ ዴቪድ ጊታሪ፦ ለጠቅላላ ጉባኤ የሚቀርበው የጋራ ሐሳብ

የማኅበሩ ጸሐፊ፣ ሰኞ ማታ

ውድ አባላት፣ ባለፈው ስብሰባችን የዘንድሮው የጋራ ሥራችን ስለ ኬንያዊው የአንግሊካን ጳጳስ ስለ ዴቪድ ጊታሪ እንዲሆን ተስማምተን ነበር። ለጠቅላላ ጉባኤው የሚቀርበውን ሐሳብ እንድጽፍ ስለታዘዝኩ የመጀመሪያውን ረቂቅ እነሆ። ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ናይሮቢ ለምንኖር ኢትዮጵያውያን በአማርኛ አንዲት ትንሽ መጽሐፍ እናዘጋጅ። ከዚያ አንድ ቅዳሜ አውቶቡስ ተከራይተን ወደ ኪሪንያጋ እንሂድ፤ ስንመለስ ደግሞ አንድ የውይይት ምሽት ይኑረን።

ጊታሪ በ1937 በኬንያ ተራራ ሥር፣ ንጊሪያምቡ በምትባል መንደር ከወንጌላዊ አባት ተወለዱ። ናይሮቢ ተማሩ፤ ብሪስቶል ሄደው ሥነ መለኮት አጠኑ፤ የኬንያን መጽሐፍ ቅዱስ ማኅበር በዋና ጸሐፊነት መሩ። በ1975 አዲስ የተቋቋመው የምሥራቅ ኬንያ ተራራ ሀገረ ስብከት የመጀመሪያ ጳጳስ ሆነው ተሾሙ። በ1990 ሀገረ ስብከቱ ለኤምቡና ለኪሪንያጋ ሲከፈል ኪሪንያጋን ያዙ። ከ1997 እስከ 2002 የኬንያ ሊቀ ጳጳስ ነበሩ፤ በ2013 አረፉ።

ለመጽሐፉ ያሰብኩት ርእስ «ያልፈሩት ጳጳስ» የሚል ነው። አራት ምዕራፎች ይኖሩታል። አንደኛው በ1975 የፓርላማ አባሉ ጄ. ኤም. ካሪዩኪ ሲገደሉ ጊታሪ በሬዲዮ ስለ ቃየልና አቤል ያስተማሩትን ይይዛል። ሁለተኛው በ1987 በትንቢተ ዳንኤል ምዕራፍ 6 ላይ የሰበኩት ነው። ሦስተኛው በ1988ቱ ምርጫ ላይ ያሰሙትን ተቃውሞ፣ አራተኛው በ1989 ቤታቸው የተወረረበትን ሌሊት ይተርካል። አስተያየታችሁን እስከ ዓርብ እጠብቃለሁ።

ሲስተር (ጡረታ የወጡ ነርስ)

ወንድሜ፣ ድካምህን እግዚአብሔር ይቁጠርልህ። ነገር ግን ረቂቅህን ሁለት ጊዜ አንብቤ ሁለት ጊዜ ቅር አለኝ። ሰውዬው ከ1975 እስከ 1997 ድረስ፣ ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ፣ የገጠር ጳጳስ ነበሩ። አንተ ከዚያ ውስጥ የመረጥክልን ከመንግሥት ጋር የተጋጩባቸውን ጥቂት ቀኖች ነው። የቀሩት ቀኖች የት ሄዱ?

እኔ በሙያዬ ብዙ ዓመት የሠራሁት ገጠር ነው። የጊታሪ ሀገረ ስብከት በመንደር ጤና ሥራ ላይ የደከመውን ድካም የማከብረው ስለዚህ ነው። ከመንደሩ ሰዎች መካከል የጤና ሠራተኞችን ያሠለጥኑ ነበር። ሥልጠናው ስለ ንጹሕ ውኃ፣ ስለ መጸዳጃ፣ ስለ ሕፃናት ክትባትና ስለ ቤተሰብ ምጣኔ ነው። በዚያን ዘመን አንድ ጳጳስ ስለ ቤተሰብ ምጣኔ በግልጽ ሲናገር ምን እንደሚባል ገምቱ። በእኛም አገር የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኞች ቤት ለቤት ሲዞሩ የገጠማቸውን አውቃለሁ፤ በሩ የሚከፈተው የሚታመን ሰው «ግቡ» ሲል ነው። ለእነዚያ መንደሮች «ግቡ» ያለው ጳጳሱ ነበር። ይህ ምዕራፍ ካልገባ እኔ በሐሳቡ ላይ ስሜን አላኖርም።

የሞያሌው ወንድማችን

ሲስተር ያሉት ልክ ነው፤ እኔ ግን ሌላም ነገር ጎድሎብኛል። ረቂቁ ሀገረ ስብከቱን «በኬንያ ተራራ ሥር» ብሎ ሻይና ቡናው ላይ አቁሞታል። የጊታሪ ሀገረ ስብከት እኮ ከኪሪንያጋ ተነሥቶ ኤምቡን፣ ሜሩን፣ ኢሲዮሎን፣ ማርሳቢትን አልፎ እስከ ኢትዮጵያ ድንበር ይደርስ ነበር። ድንበሩ ማለት የእኔ ከተማ ነው። ሞያሌ በሁለት አገር የተከፈለች አንዲት ከተማ ናት፤ ቦረናውም ገብራውም በሁለቱም ወገን ዘመድ አለው።

ከኢሲዮሎ እስከ ሞያሌ አምስት መቶ ኪሎ ሜትር ያህል ነው። አስፋልት የሆነው በ2010ዎቹ ነው። ከዚያ በፊት የሄደ ሰው ያውቀዋል፤ ድንጋይና አቧራ፣ ሲዘንብ ደግሞ ጭቃ፣ መንገደኛው በጭነት መኪና ጣሪያ ላይ ከከብት ጋር ተጭኖ፣ ሽፍታ እንዳይመጣ ጥበቃ ያለውን የመኪና ሰልፍ እየጠበቀ። የዚያ ሀገረ ስብከት ጳጳስ መሆን ምን እንደሆነ ለመጽሐፉ አንባቢ መንገዱን ሳናሳይ መንገር አንችልም። ደጋው ላይ ያለው ምእመን በየሳምንቱ አንድ ቦታ ይሰበሰባል። ቆላው ላይ ያለው ግን ዝናቡን ተከትሎ ግመሉን ይዞ ይሄዳል፤ የድንጋይ ቤተ ክርስቲያን ብትሠራለት ስትመለስ ባዶ ነው። ወንጌላዊው ከሰፈሩ ጋር አብሮ መሄድ አለበት፤ ጸሎቱም በግራር ጥላ ሥር ነው።

አንድ ነገር ልጨምር። በሐምሌ 2005 በማርሳቢት በኩል ባለችው በቱርቢ መንደር የደረሰውን እልቂት የምታስታውሱ ታስታውሳላችሁ። በሚያዝያ 2006 በቦረናና በገብራ መካከል ሰላም ለማውረድ የሚጓዙ ሰዎችን የያዘ አውሮፕላን ማርሳቢት ላይ ወደቀ፤ አሥራ አራት ሰዎች ሞቱ። ከሟቾቹ መካከል የፓርላማ አባላት ነበሩ፤ ረዳት ጳጳስ ዊልያም ዋቆም ነበሩ። ያን ቀን እኛ ሰፈር ቦረናውም ገብራውም አልቅሷል። ጊታሪ በዚያን ጊዜ ጡረታ ወጥተው ነበር። ነገር ግን ከሰሜኑ የወጣ ሰው ጳጳስ ሆኖ ለሕዝቡ ሰላም ሲሄድ የሞተው፣ ከዓመታት በፊት ያ ሀገረ ስብከት ወደ ሰሜን ፊቱን ስላዞረ ነው። ይህን አምናለሁ፤ በመጽሐፉም እንዲገባ እጠይቃለሁ።

ዲያቆን

እኔ የኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ልጅ መሆኔን ታውቃላችሁ፤ በዚህ ሥራ የገባሁትም ከጎረቤት መማር ነውር ስላልሆነ ነው። አንድ ከባድ ጥያቄ ላንሣ። ጊታሪ ብዙ ሚስት ስላላቸው ሰዎች የጻፉትንና የተከራከሩትን እንተወዋለን ወይስ እናስገባዋለን?

ጉዳዩን ለማያውቀው ላስረዳ። በገጠር ሦስት ሚስት ያለው ሰው አምኖ ልጠመቅ ሲል የቀደመው የሚሲዮን ልማድ «አንዷን ያዝ፣ ሁለቱን ፍታ» የሚል ነበር። የተፈቱት ሴቶች ልጆቻቸውን ይዘው የት ይሂዱ? መሬት የላቸውም፤ የአባታቸው ቤትም ዘግቷል። ጊታሪ ይህ ፍርድ ሴቶቹን የሚቀጣ ነው ብለው ተከራከሩ። በ1988 የዓለም አንግሊካን ጳጳሳት የላምቤዝ ጉባኤ በሚባለው ስብሰባቸው ያጸደቁት ውሳኔም በዚሁ መንገድ ሄደ፦ እንዲህ ያለ ሰው ከሚያምኑ ሚስቶቹና ልጆቹ ጋር ይጠመቅ፤ ሚስቶቹ በሕይወት እስካሉ ድረስ ግን ሌላ ላያገባ ቃል ይግባ፤ ሚስቶቹን እንዲፈታም አይገደድ፤ የአካባቢው ምእመናንም ይስማሙበት።

የእኔ ቤተ ክርስቲያን ሥርዓት ሌላ ነው፤ ውሳኔውን ትክክል ነው ብዬ መፈረም አልችልም። የጥያቄውን ክብደት ግን አልክድም። ከደቡብ የመጡ አባላቶቻችን ይህ ነገር በየቤታቸው የደረሰ ነው። እንዲገባ እፈልጋለሁ፤ እንደ ማኅበር ግን አቋም ሳንይዝ፣ የሆነውን ብቻ እንጻፍ።

ሰብሳቢው

ልጆቼ፣ ሁላችሁንም አዳመጥኩ። እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነው። እኛ በዚህ አገር እንግዶች ነን። አብዛኞቻችን የመኖሪያ ፈቃድ በየጊዜው የምናሳድስ ሰዎች ነን። በሌላ አገር ፖለቲካ ገባችሁ እንዳንባል የ1987ንና የ1988ን ነገር ብንቀንሰው አይሻልም? ስለ ጤናው፣ ስለ ሰሜኑ፣ ስለ ትዳሩ የተባለውን እደግፋለሁ።

ገንዘብ ያዥ

ጋሼ፣ ስጋትዎን አከብራለሁ። ነገር ግን ይህ ሁሉ ኬንያውያን ራሳቸው በአደባባይ የጻፉትና ያስተማሩት ታሪክ ነው። አልፎም በምስጢር ድምፅ መስጠት ቆሞ በሰልፍ ይሁን የተባለበትን ያን ምርጫ ካላነሣን ሌሊቱን ማስረዳት አንችልም። ምሎሎንጎ ይሉታል። መራጩ በተወዳዳሪው ወኪል ኋላ በአደባባይ ይሰለፋል፤ ወኪሉ የተወዳዳሪውን ፎቶግራፍ ይዞ ይቆማል። ከሰባ በመቶ በላይ ያገኘ ተወዳዳሪ ያለ ተጨማሪ ውድድር አለፈ ማለት ነው። ገበሬው ከመሬት ሹሙ ፊት፣ መምህሩ ከአለቃው ፊት እንዴት ይሰለፋል? አጭሩ ሰልፍ ረጅም ተብሎ ሲቆጠርስ? ጊታሪ ይህን የተናገሩት ምእመኖቻቸው በዓይናቸው አይተው ስለ ነገሯቸው ነው። በ1990 መጨረሻ ገዢው ፓርቲ ካኑ ራሱ ሰልፉን ተወው።

ስለ ገንዘቡ ደግሞ፦ የአውቶቡሱን ኪራይ ከተጓዦች መዋጮ መሸፈን ይቻላል። ለኅትመቱ ግን ከማኅበሩ ካዝና ለ300 ቅጂ የሚሆን ብቻ አለ። አምስት መቶ የምንል ከሆነ አስቀድሞ የሚከፍል ሰው ያስፈልገናል።

ወጣት አባል

እኔ አንድ ነገር ብቻ ልበል። በ1989 የተሻሻለው የኬንያ የቁርባን ሥርዓት መጨረሻ ላይ አንድ ቡራኬ አለ። ምእመናኑ ችግራቸውን፣ የዲያብሎስንም ሥራ ሁሉ ወደ ክርስቶስ መስቀል እንልካለን እያሉ ክንዳቸውን ወደ መስቀሉ ይወረውራሉ። የመጣው ከቱርካና ሕዝብ ልማድ ነው። ጓደኛዬ ጋብዞኝ ስሄድ አየሁት፤ ቤቱ ሙሉ ሰው በአንድ ጊዜ እጁን ሲወረውር ሰውነቴን ወረረኝ። ጊታሪ ይህን ሥርዓት ካዘጋጁት መሪዎች አንዱ ነበሩ። በውይይት ምሽታችን ላይ እንዲታይ እጠይቃለሁ።

የሞያሌው ወንድማችን

እህቴ፣ እኛ ዘንድም ሽማግሌ ሲመርቅ ሕዝቡ በአንድ ድምፅ ይቀበላል። እናቴ ብታይ ወዲያው ይገባት ነበር። እደግፋለሁ።

የማኅበሩ ጸሐፊ፣ ዓርብ ሌሊት

ሲስተር፣ ቅር ማለትዎ ትክክል ነበር። ሦስት ቀን ሙሉ ሳስበው ቆየሁ። ረቂቁን እንደገና የጻፍኩት ከመጨረሻው ምዕራፍ፣ ከዚያች የሚያዝያ ሌሊት ተነሥቼ ነው።

መቶ ያህል ሰዎች መሣሪያ ይዘው ቤታቸውን ሰብረው ሲገቡ ጊታሪ ጣሪያ ላይ ወጥተው ጮኹ። ጩኸቱን ሰምተው የደረሱት ጎረቤቶቻቸው ናቸው፤ ወራሪዎቹም የሸሹት ሰፈርተኛው ሲመጣ ነው። እኔ ይህን «ያልፈሩት ጳጳስ» ብዬ ልጽፈው ነበር። አንድ ሰው ግን በሌሊት ጣሪያ ላይ ወጥቶ «ድረሱልኝ» ቢል ማን ይነሣለታል? አልጋውን ጥሎ፣ ሚስቱንና ልጆቹን ትቶ፣ የታጠቀ ሰው ወዳለበት የሚሮጥለት ማን ነው? ለዚያች ሌሊት መልሱ የሚገኘው ሲስተር በጠየቁት ምዕራፍ ውስጥ፣ ከዚያች ሌሊት በፊት በነበሩት አሥራ አራት ዓመታት ነው። ስለዚህ የመጽሐፉ አካል እነዚያ ዓመታት ይሆናሉ።

የተሻሻለው ሐሳብ ለጉባኤው እንዲህ ይቀርባል። ርእሱ «የኪሪንያጋው ጳጳስ» ይሆናል። መጽሐፉ በመንገዱ ይጀምራል፤ ከኬንያ ተራራ እስከ ሞያሌ ያለውን የሞያሌው ወንድማችን ይጽፈዋል፤ የጳጳስ ዋቆ ነገርም እዚያው ይገባል። የመንደር ጤናውን ሲስተር ይጽፉታል። የትዳሩን ጉዳይ ዲያቆን በራሱ ቃል፣ ያለ ማኅበሩ አቋም ያቀርበዋል። የሬዲዮውን ትምህርት፣ የዳንኤልን ስብከትና ምሎሎንጎን በአንድ አጭር ምዕራፍ እኔ አጠቃልላለሁ፤ ጋሼ ሰብሳቢ ከመታተሙ በፊት መስመር በመስመር ያነቡታል። መጨረሻው ያቺ ሌሊት ናት። ቅጂው 300 ይሁን።

ለጉዞው በኪሪንያጋ በኩል ሄደን ካባሬን ማየት እንፈልጋለን፤ የቄሶችና የወንጌላውያን ማሠልጠኛው እዚያ ነው። ከናይሮቢ ከሦስት ሰዓት አይበልጥም፤ ጠዋት 12 ሰዓት ከተነሣን ማታ ቤታችን ነን።

ሰብሳቢው

እንዲህ ከሆነ እኔም እስማማለሁ። መስመር በመስመር አነባለሁ፤ ያም የምቆርጠው ነገር አለ ማለት አይደለም። አንድ ነገር ብቻ፦ ቤታቸውን ያዩ፣ ያቺን ሌሊት የሮጡ ጎረቤቶች ዛሬም በሕይወት ሊኖሩ ይችላሉ። ከመሄዳችን በፊት ለሀገረ ስብከቱ ደብዳቤ እንጻፍና እናስፈቅድ፤ ፈቃደኛ የሆነ ሰው ካለ ቁጭ ብለን እንስማው። ኪኩዩኛ አጥርቶ የሚያስተረጉም ከመካከላችን ማን ነው?

ወጣት አባል

ጋሼ፣ ጓደኛዬ የኪሪንያጋ ልጅ ነው። ነገ እጠይቀዋለሁ።