ቫዮሊን ይዞ ሮክ ባንድ ውስጥ መኖር ይቻላል እንዴ?

የቦሳ አዲስ ልጅ፦
ሰላም ናችሁ የጅማ ልጆች፣ ሙዚቃ የምታውቁ ካላችሁ እስቲ ምከሩኝ። ቫዮሊን የጀመርኩት ቸርች ነው ኳየር በማጀብ፣ አሁን ኪቶ ፉርዲሳ ኢንጂነሪንግ 3ኛ ዓመት ነኝ፣ እና ግቢ ያሉ ልጆች ሮክ ባንድ እየሰራን ነው ነይ አሉኝ። ሁለት ጊታር፣ ቤዝ፣ ድራም፣ ዘፋኙ ድምፁ አሪፍ ነው ግጥም አይዝም እንጂ ሃሃ። ችግሩ ድራሙ ከጀመረ በቃ የምጫወተውን ራሴ አልሰማውም፣ ማይክ ሲያስጠጉልኝ ደሞ ሲስተሙ ይጮሃል ሁሉም ጆሮውን ይይዛል። አንደኛው ጊታሪስት "ሶሎ ላይ ብቻ ግቢ" ይለኛል፣ ታዲያ የቀረውን ዘፈን ቆሜ ላጨብጭብ ነው? ማዘር ደሞ ከሰማች ጀምሮ "መጀመሪያ ዲግሪሽን ያዢ፣ ከዛ እንደፈለግሽ ገዝግዢው" እያለች ነው። እና ጥያቄዬ፣ ውጭ አገር ሮክ ባንድ ውስጥ ቫዮሊን ተጫውተው የኖሩበት ሰዎች አሉ ወይ፣ ካሉስ ኑሯቸው ምን ይመስላል፣ ብሩም ህይወቱም ማለቴ ነው፣ ዩቲዩብ ላይ የማየው ሶሎውን ብቻ ነው።

ሄርማታ ቁጥር 1፦
ቫዮሊኑን ሽጪና ማሲንቆ ግዢ፣ አንድ ክር ነው ጣጣ የለውም ሃሃሃ። ቀልዴን ነው እህቴ። ግን ለማዘር አንድ ነገር ንገሪያት፣ ሙላቱ አስታጥቄ እዚችው ጅማ ነው በፈረንጆቹ 1943 የተወለደው፣ ቤተሰቦቹም ዌልስ ድረስ የላኩት ኢንጂነሪንግ እንዲማር ነበር። እሱ ግን ሙዚቃ ውስጥ ገብቶ ለንደን ከዛ ቦስተን በርክሊ ተምሮ ኢትዮ ጃዝን ይዞልን መጣ። "አንቺ ሙላቱ ነሽ?" ካለችሽ ግን እኔ የለሁበትም።

ጋሽ ካሴት፦
አካም ጂርቱ ልጆች። ልጄ ጥያቄሽ ደስ ይላል፣ እኔ ድሮ ካሴት ስሸጥ የነበርኩ ሰው ነኝ ፈረንጅ አራዳ አካባቢ፣ ይሄን ነገር የሚጠይቀኝ ሰው አጥቼ ነው የኖርኩት።

ካንሳስ የሚባል የአሜሪካ ባንድ አለ። ቫዮሊኒስቱ ሮቢ ስታይንሃርት ይባላል፣ በፈረንጆቹ 1950 የተወለደ፣ ሎውረንስ በምትባል የዩኒቨርሲቲ ከተማ ያደገ፣ አባቱ እዛው ዩኒቨርሲቲ የሙዚቃ ታሪክ አስተማሪ ነበሩ፣ ልጁም ከትንሽነቱ ጀምሮ ክላሲካል ነው የተማረው። ማለት ከአንቺ ጋር የሚለያየው አንቺ ቸርች ስትጀምሪ እሱ ቤት መጀመሩ ነው። ከዛ ዋይት ክሎቨር የሚባል የሰፈር ባንድ ውስጥ ገባ፣ ያ ባንድ ነው ኋላ ካንሳስ የሆነው፣ የመጀመሪያ አልበማቸው 1974 ወጣ ግን በደንብ የታወቁት በአራተኛው ነው፣ 1976 ላይ። እስከዛ ድረስ በመኪና ከከተማ ከተማ እየዞሩ መጫወት ብቻ። በቀጣዩ ዓመት ያችን በጣት የሚነካካ ጊታር ያለባትን ደስት ኢን ዘ ዊንድን ሰሩ፣ መሃሏ ላይ ቫዮሊኑ ሲገባ የማያውቃት ሰው የለም፣ አሜሪካ ቻርት ላይ 6ኛ ደረሰች 1978 ላይ።

አሁን ልብ በይ። ይሄ ሰውዬ ሶሎውን ጠብቆ የሚቆም ሰው አልነበረም። ከዋናው ዘፋኝ ከስቲቭ ዋልሽ ጋር እየተካፈለ ይዘፍን ነበር፣ ሃርመኒ ይገባ ነበር፣ መድረክ ላይ ከህዝቡ ጋር የሚያወራውም እሱ ነበር፣ ያ ትልቅ ጺሙ ራሱ የባንዱ ምልክት ሆኖ ነበር። እንደዛም ሆኖ 1982 ላይ ወጣ። ባንዱ ምን ሆነ ብትዪ ቫዮሊን ሳይኖረው ቀጠለ! ዴቪድ ራግስዴል የሚባል ሌላ ቫዮሊኒስት የገባው 1991 ላይ ነው። ጊታሪስት ወይ ድራመር ሲወጣ በማግስቱ ሰው ይፈለጋል፣ ቫዮሊን ሲወጣ ግን "ኪቦርዱ ይሸፍነዋል" ይባላል፣ ይሄን ከአሁኑ እወቂው። ስታይንሃርት 1997 ተመለሰ፣ 2006 እንደገና ወጣ፣ 2021 በ71 ዓመቱ አረፈ፣ የራሱ የሆነው ሶሎ አልበም የወጣው ከሞተ በኋላ ነው። እና ኖሮበታል ወይ ላልሽው አዎ፣ ግን እየገባ እየወጣ።

የአጂፕ ነገረ ፈጅ፦
ጋሼ ጥሩ ብለዋል ግን ብሩን ዘለሉት። ደስት ኢን ዘ ዊንድን የጻፈው ጊታሪስቱ ኬሪ ሊቭግረን ነው፣ ስለዚህ የደራሲነቱ ክፍያ ለሱ ነው የሚሄደው፣ ሰው ቫዮሊኑን እያንጎራጎረ ቢኖርም። ሮክ ላይ ቫዮሊኒስት የሚጎዳው እዚህ ጋ ነው፣ ዘፈኑ ተጽፎ ካለቀ በኋላ ይጠራና "እስቲ የሆነ ነገር አድርግበት" ይባላል፣ ያደረገው ነገር ዘፈኑን ያስታውቀዋል፣ ወረቀቱ ላይ ግን ስሙ የለም።

አንድ የተከራከረ ሰው አለ፣ ቦቢ ቫለንቲኖ የሚባል እንግሊዛዊ ቫዮሊኒስት (አሜሪካዊውን የአርኤንድቢ ዘፋኝ አይደለም)። ብሉቤልስ ለሚባል የስኮትላንድ ባንድ ለአንድ ዘፈን መግቢያውን ቫዮሊን ተጫወተ፣ ለስቱዲዮ 75 ፓውንድ ተከፈለው፣ ዘፈኑ 1984 ወጣ ጥሩ ሄደ በቃ አለቀ ተባለ። 1993 ላይ የመኪና ማስታወቂያ ዘፈኑን ሲጠቀምበት እንደገና ታተመና እንግሊዝ ውስጥ 1ኛ ሆነ። ሰውዬው ፍርድ ቤት ሄደ፣ 2002 ላይ የለንደን ከፍተኛ ፍርድ ቤት የቫዮሊኑ ዜማ ራሱ ድርሰት ነው ብሎ አብሮ ደራሲ አደረገው፣ ይግባኙም አልቀየረውም። ስንት ዓመት እንደፈጀበት አስቢው።

እኛም አገር አዋጅ ቁጥር 410/1996 አለ፣ የቅጂና ተዛማጅ መብቶች፣ አብረው የፈጠሩ ሰዎች አብረው ባለመብት ናቸው ይላል። ጓደኞችሽ ናቸው ይገባኛል፣ ግን እያንዳንዱን ዘፈን ስትጨርሱ ማን ምን እንደሰራ አንድ ገጽ ላይ ጽፋችሁ ፈርሙ። "እንዴ አታምኚንም?" የሚል ካለ እሱን በደንብ እዪው።

ሲስተም ቤት፦
እኔ የድምፅ ሰው ነኝ ሰርግና ኮንፈረንስ ነው የምሰራው፣ ስለ ታሪኩ ሌሎቹ ይንገሩሽ፣ ጩኸቱን እኔ ልንገርሽ። ማይክ ተዪው፣ ቫዮሊን ባዶ ሳጥን ነው ከስፒከር የሚመጣውን ድምፅ መልሶ ይይዛል ለዛ ነው የሚጮኸው። ብሪጁ ላይ፣ ክሮቹ የሚያርፉበት እንጨት ማለቴ ነው፣ የሚገጠም ፒክአፕ የሚባል ንዝረቱን ወደ ኤሌክትሪክ የሚቀይር እቃ አለ፣ እሱን ግን ቀጥታ ሚክሰር ላይ ከሰካሽው የትንኝ ድምፅ ነው የሚያወጣው፣ መሃል ላይ ፕሪአምፕ፣ ማለት ደካማውን ሲግናል የሚያጎላ እቃ፣ ያስፈልጋል። ከዛ ከ180 ኸርዝ በታች ያለውን ቁረጪው፣ ያንቺ የመጨረሻ ወፍራም ክር ጂ 196 ላይ ነው ከዛ በታች የምትፈልጊው ነገር የለም፣ እዛ ያለው የመድረክ ጉርምርምታ ብቻ ነው። ዋረን ኤሊስ የሚባለውን አውስትራሊያዊ ስሚው፣ ቫዮሊኑ ላይ የጊታር ፒክአፕ አስሮ በኤፌክት ነው የሚያስጮኸው፣ እሱ ጩኸቱን ራሱ ሙዚቃ አደረገው።

ሌላው ጆሮሽ። ቫዮሊን ግራ ጆሮ ስር ነው የሚቀመጠው፣ ድራሙም በግራሽ በኩል ከሆነ አለቀልሽ፣ ቦታ ቀይሪና ቢያንስ በግራ በኩል የጆሮ መሰኪያ አድርጊ። ደሞ የጅማ ክረምት መቼ እንደሚያልቅ ታውቂያለሽ፣ እንጨቱ እርጥበት ሲጠጣ የክር ማጥበቂያው ይጣበቃል፣ ደረቅ ሳሙና ቀባ ማድረግ ነው፣ በበጋ ሲንሸራተት ደሞ ጠመኔ። ግድግዳ ላይ አትስቀዪው።

ጊታሪስት ነኝ አትሳደቡ፦
ሁላችሁም ጊታሪስቱ ላይ ዘመታችሁ ግን ልጁ ሙሉ በሙሉ አልተሳሳተም። ሁለት ዲስቶርሽን (ድምፁ ሻካራ ሆኖ የሚወጣ) ጊታር ባለበት ሁሉ ቦታ ላይ ቫዮሊን ከገባ ድምፁ ገንፎ ነው የሚሆነው ማንም ማንንም አይሰማም። መፍትሄው ግን ሶሎ ብቻ አይደለም፣ አንደኛው ጊታር ቨርሱ ላይ (ከአዝማቹ ውጪ ያለው ግጥም ላይ) ዝም ይበልና እሱን ቦታ ለቫዮሊን ይስጥ። ደሞ ጊታራቸውን ግማሽ ድምፅ ዝቅ አድርገው ቃኝተው ከሆነ ጠይቂ፣ ብዙ ሮክ ባንድ ያደርገዋል፣ ያኔ ባዶ ክሮችሽ ብዙም አይገጥሙሽም፣ አንቺም ዝቅ አድርገሽ ቃኚ። እውነቱን ለመናገር ብዙ ጊታሪስት ሶሎ ላይ ብቻ ግቢ የሚለው ሶሎውን እንዳትወስጂበት ፈርቶ ነው።

ጋሽ ካሴት፦
ነገረ ፈጁ እውነት ብሏል። አንድ ልጨምር። ስቲቭ ዊክሃም የሚባል የደብሊን ልጅ ዩቱ የሚባለውን የአየርላንድ ባንድ ጊታሪስት ኤጅን አውቶቡስ ፌርማታ ላይ ያገኘውና ቫዮሊን አትፈልጉም ወይ ብሎ ይጠይቀዋል፣ 1983 የወጣው አልበማቸው ላይ ገባ። በኋላ 1985 ዋተርቦይስ የሚባለው ባንድ ወሰደው፣ እሱም 1990 ወጥቶ 2000 ተመልሷል፣ እንዳልኩሽ ነው። እነዚህ ሰዎች ሁሉ በመሃል በሚወጡበት ጊዜ የሚበሉት ሌላ ነገር ነበራቸው፣ ሌላ ባንድ፣ ሴሽን (ስቱዲዮ ገብቶ ለሌላ ሰው መጫወት)፣ ማስተማር። ቸርቹን እንዳትተዪው፣ ሰርግም ካለ አጅቢ፣ ዲግሪሽንም ጨርሺ፣ እናትሽ ትክክል ናቸው ከቧንቧው ሁሉ አንዱ ሲደርቅ ሌላው ይፈሳል። ግን መዝፈን ትችያለሽ?

የቦሳ አዲስ ልጅ፦
ጋሼ ኳየር ውስጥ አልቶ (ወፍራሙን የሴት ድምፅ የምዘፍን) ነኝ እኮ! ለልጆቹ አልነገርኳቸውም። የጊታሩን ቅኝት ስጠይቅ ደሞ አዎ ግማሽ ዝቅ ነው አሉኝ፣ ሶስት ሳምንት ሙሉ "ቫዮሊንሽ ከቅኝት ወጥቷል" ሲሉኝ የነበሩት እነሱ ናቸው፣ በጣም ነው የተናደድኩት። የወረቀቱን ነገር ግን እንዴት ብዬ ላንሳው፣ ዘፋኙ ግጥሙን እኔ ነኝ የጻፍኩት ይላል ግማሹን እኮ ረስቶት እዛው መድረክ ላይ ነው የሚፈጥረው።

የአጂፕ ነገረ ፈጅ፦
እሱም ይጻፍ እሱም ይፈርም፣ ሲረሳ ከወረቀቱ ያነባል።

ሲስተም ቤት፦
ፒክአፑን አዲስ አበባ ሄደሽ ከመግዛትሽ በፊት እኔ ጋ አንድ አሮጌ አለ፣ ቅዳሜ ልምምድ ላይ ሞክሪው። መብራት ካለ ማለቴ ነው።