ድምፅ አልባ ኮሜዲ ላይ የሚወድቁት የእውነት ነው እንዴ?

የፒያሳ ልጅ፦
ሰላም ቤተሰብ። ትናንት አያቴ ቤት የቻርሊ ቻፕሊንን ዘመን አጫጭር ኮሜዲዎች በስልኬ ከፈትኩላት። እንግሊዝኛ አትሰማም፣ አላስፈለጋትምም። አንዱ ተገልብጦ ሲወድቅ ሆዷን ይዛ ሳቀች፣ ወዲያው ደሞ «ውይ ልጄን፣ ተሰበረ!» አለች። መልስ አጣሁላት። የእውነት ነው የሚወድቁት? ደሞ ሁሉም ሰው ለምንድነው እንዲህ የሚጣደፈው?

ፊልም ወዳጅ፦
ያኔ ካሜራው በእጅ ነበር የሚዞረው። አንሺው ቀስ አድርጎ ካዞረው በሰከንድ የሚነሳው ምስል ያንሳል፣ በኋላ ሲታይ ሰዉ ይሮጣል። ለኮሜዲ ሆን ብለው ያደርጉት ነበር። ግማሹ ጥፋት ግን ከእነሱ በኋላ የመጣ ነው፤ በሰከንድ 16 ወይም 18 ምስል የተነሳውን በ24 ሲያሳዩት ጭራሽ እብደት ይሆናል። ፍጥነቱን 0.75 ላይ አድርገህ ሞክረው።

አራት ኪሎ፦
አብዛኛው የእውነት ነው ወንድሜ። የዛን ዘመን ኮሜዲያን በስተር ኪተንን በልጅነቱ አባቱ መድረክ ላይ እያነሳ ይወረውረው ነበር፣ የቤተሰቡ እንጀራ እሱ ነበር፣ አወዳደቅ የተማረውም እዛው ነው። እ.ኤ.አ. በ1928 በወጣው ፊልሙ (ይሄኛው ረጅም ነው) የቤት ግድግዳ ሙሉውን ላዩ ላይ ይወድቃል። የሚተርፈው የመስኮቱ ክፍተት ልክ እሱ የቆመበት ላይ ስላረፈ ብቻ ነው። ግድግዳው ካርቶን እንዳይመስልህ! ሌላው ኮሜዲያን ሃሮልድ ሎይድ ደሞ በ1919 ፎቶ ሲነሳ የውሸት የተባለ ቦምብ እጁ ላይ ፈንድቶ የቀኝ እጁን አውራ ጣትና ጠቋሚ ጣት ወሰደበት። ከዛ በኋላ ህንፃ ላይ ሲንጠለጠል የምታየው ጓንት አድርጎ ነው።

ዝም በል፦
እኔ በመውደቁ አልስቅም፣ በአነሳሱ ነው። ክረምት ላይ ፒያሳ ቁልቁለቱ ጋ አዳልጦህ ያውቃል? ከህመሙ በፊት «ማን አየኝ» ብለህ ነው ዞር የምትለው። ቻፕሊን የሚሰራው ያቺን ነው። ወድቆ ይነሳል፣ ባርኔጣውን ያስተካክላል፣ ምንም እንዳልሆነ ይሄዳል። ካሜራውም ፊቱ ላይ አይለጠፍም፣ ራቅ ብሎ ከራስ እስከ እግር ያሳየዋል፣ እግሩን ካላየህ ምኑ ያስቃል?

የፒያሳ ልጅ፦
የግድግዳውን አሳየኋት። አልሳቀችም፣ አማተበች። «እናት የለውም እንዴ ይሄ ልጅ?» አለችኝ።

አራት ኪሎ፦
እናቱማ እዛው መድረክ ላይ ሳክስፎን ትነፋ ነበር 😂